ያልታየ ሜዳ፦ የኳስ ቀጥታ ስርጭት እንደ ቃል ጥበብ

በኢትዮጵያ የኪነ ጥበብ ሂስ ልማድ ግጥም፣ ልብ ወለድ፣ ተውኔት፣ ሥዕልና ሙዚቃ በየጊዜው በሚዛን ላይ ሲወጡ ኖረዋል። በአንጻሩ በከተማም ሆነ በገጠር፣ በአንድ ሰዓት፣ በብዙ ሺህ ጆሮ የሚደመጥ አንድ የቃል ሥራ ከሚዛኑ ውጭ ቀርቷል። ይኸውም የእግር ኳስ ግጥሚያ በሬዲዮ በቀጥታ የሚተላለፍበት ትረካ ነው። ይህ ትረካ ሳይጻፍ ይነገራል፤ ሳይታረም ይሰማል፤ ዳኛው የመጨረሻውን ፊሽካ ሲነፋ አብሮ ያበቃል። እንደ ጥበብ ሳይሆን እንደ ተራ አገልግሎት ስለሚቆጠርም ብቃቱን የሚመሰክርለት፣ ጉድለቱንም የሚነግረው ሃያሲ አላገኘም። ቸልታው ያለ ዋጋ አልቀረም። ትረካው ዛሬ ከጠረጴዛ ሬዲዮ ወጥቶ በየሰው ኪስ ባለው የእጅ ስልክ ውስጥ ገብቷል፤ መንገዱ በዝቷል፤ ጥበቡ ግን ከመንገዱ ጋር አብሮ አላደገም።

ማናቸውም ጥበብ የሚመዘነው ተደራሲው ከቆመበት ቦታ ተነሥቶ ነው። ለሬዲዮ ስርጭት ደግሞ ቆቦና በዙሪያዋ ያለው የራያ ቆላ ሁነኛ መመዘኛ ሊሆን ይችላል። ከወልድያ ወደ አላማጣ በሚዘልቀው አውራ ጎዳና ላይ የምትገኘው ቆቦ በስተምሥራቅ በዞብል ተራራ፣ በስተምዕራብ በደጋው ግድግዳ መካከል በተዘረጋው ሜዳ ላይ ተቀምጣለች። ሜዳው የማሽላና የጤፍ አገር ነው። የማሽላው ራስ ፍሬ ሲይዝ ገበሬውና ልጆቹ ማማ ላይ ወጥተው ከንጋት እስከ ምሽት ወፍ ይጠብቃሉ። ወንጭፉ በእጅ ነው፤ የስልኩ ማዳመጫ ደግሞ በጆሮ። በከተማዋ ያለው ወጣት ጥቂት ብር ከፍሎ ዲ ኤስ ቲቪ በሚያሳይ ቤት ገብቶ ጨዋታውን በዓይኑ ማየት ይችላል። በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው፣ ከ25 ሺህ በላይ ተመልካች የሚይዘው የወልድያ ስታዲየምም ሩቅ አይደለም። ማማው ላይ ያለው ሰው ግን ማሽላውን ለወፍ ጥሎ ወደ አንዱም አይሄድም። ለእርሱ ጨዋታው ያለው በቃል ውስጥ ብቻ ነው። አስተላላፊው ያልነገረው ነገር ለእርሱ አልተደረገም።

ይህ አድማጭ በገጠር ብቻ የሚገኝ አይደለም። በአውራ ጎዳናው ላይ የጭነት መኪና የሚነዳው ሹፌር፣ በጠባቂ ቤት የሚያድረው ዘበኛ፣ ዓይነ ሥውሩ መምህር፣ ሱቁን መዝጋት የማይችለው ነጋዴ ሁሉም ያው ናቸው። ሁሉም የሚጠብቁት አንድ ነገር ነው፤ አስተላላፊው ዓይናቸው እንዲሆን። የሬዲዮ አስተላላፊ የመጀመሪያ ግዴታ ይህ ነው። ድምፁ ማማሩ፣ ዕውቀቱ መብዛቱ፣ ስሜቱ መጋሉ ከዚህ በኋላ የሚመጡ ናቸው። በአሁኑ ጊዜ በብዙ ስርጭቶች ላይ የሚታየው ድክመትም ከዚህ ግዴታ መራቅ የመጣ ነው።

ጥበቡ ከየት እንደ ተነሣና ባሕርዩ ምን እንደ ሆነ ለመረዳት ለኢትዮጵያ አድማጭ እንግዳ ወደ ሆነ አንድ ጨዋታ ዘወር ማለት ይጠቅማል። በአሜሪካ የሬዲዮ የስፖርት ስርጭት ያደገው ከቤዝቦል ጋር ነው። እ.ኤ.አ. ነሐሴ 5 ቀን 1921 በፒትስበርግ ከተማ ኬ ዲ ኬ ኤ የተባለው ጣቢያ ሃሮልድ አርሊን በተባለ አስተላላፊ አማካይነት የመጀመሪያውን የታላቁ ሊግ ግጥሚያ በቀጥታ አሰማ። ቤዝቦል አንዱ ኳስ ሲወረውር ሌላው በዱላ ለመምታት የሚሞክርበት፣ በእያንዳንዱ ውርወራ መካከልም ረዘም ያለ ፋታ ያለበት ጨዋታ ነው። ፋታው ለተራኪው ስጦታ ሆነለት። ነፋሱ ከየት እንደሚነፍስ፣ ወርዋሪው ቆቡን እንዴት እንደሚያስተካክል፣ ፀሐይዋ የትኛውን የሜዳ ክፍል እንደለቀቀች ለመናገር ጊዜ አገኘ። በዚህም አድማጩ ውጤት ብቻ ሳይሆን ቦታ ተሰጠው።

የዚህ ጥበብ ታላቅ ሰው ቪን ስከሊ ነበር። እ.ኤ.አ. ከ1950 እስከ 2016 ለ67 የውድድር ዘመናት የዶጀርስን ቡድን ጨዋታዎች አስተላልፏል። ቡድኑ እ.ኤ.አ. በ1958 ወደ ሎስ አንጀለስ ሲዛወር ተመልካቹ ግዙፉ ስታዲየም ውስጥ ትንንሽ ትራንዚስተር ሬዲዮ ይዞ ይገባ ነበር። ጨዋታውን በዓይኑ እያየ የስከሊን ትረካ በጆሮው ይሰማ ነበር ማለት ነው። እ.ኤ.አ. መስከረም 1965 ሳንዲ ኩፋክስ አንድም ተቃራኒ ተጫዋች ሳያሳልፍ የጨረሰበትን ግጥሚያ ሲያስተላልፍ ስከሊ በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች የቀኑን ሰዓት ደጋግሞ ተናገረ፤ ቅጽበቱን በአድማጩ ትዝታ ላይ በምስማር መታው። እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 1974 ሃንክ አሮን የዘመኑን ታላቅ ክብረ ወሰን ሲሰብር ደግሞ ዝም አለ፤ የሕዝቡ ጩኸት ራሱ እንዲናገር ማይክሮፎኑን ለቀቀለት። ከሁለቱ ድርጊቶች የሚገኘው ትምህርት ግልጽ ነው። አስተላላፊ መቼ መናገር እንዳለበት ብቻ ሳይሆን መቼ ዝም ማለት እንዳለበትም ማወቅ አለበት።

እግር ኳስ እንዲህ ያለ ፋታ አይሰጥም። ኳሱ አይቆምም፤ 22 ሰዎች በአንድ ጊዜ ይንቀሳቀሳሉ። ስለዚህ የኢትዮጵያ አስተላላፊዎች የተረከቡት ሥራ ከአሜሪካው ይከብዳል። ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. ኢትዮጵያ በአዲስ አበባ የግብፅን ቡድን በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካን ዋንጫ ስትወስድ በስታዲየሙ የነበረው ሰው ከሀገሩ ሕዝብ ጋር ሲነጻጸር ጭብጥ የማይሞላ ነበር። ከስታዲየሙ ውጭ የነበረው ኢትዮጵያዊ ሉቺያኖ ቫሳሎንና መንግሥቱ ወርቁን ያወቃቸው በአብዛኛው በወሬና በድምፅ ነው። በእነዚያ ዓመታት ሰሎሞን ተሰማን የመሰሉ ፈር ቀዳጆች የአማርኛን የኳስ ትረካ መልክ ማስያዝ ጀመሩ። ከእነርሱ በኋላ የመጣው ደምሴ ዳምጤ ታኅሣሥ 1980 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ዚምባብዌን በፍጹም ቅጣት ምት ረትታ የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካን ዋንጫ ያነሣችበትን ፍጻሜ ባስተላለፈበት ድምፅ ስሙን ተከለ። የዚያ ስርጭት ቁራጭ ዛሬም ከስልክ ወደ ስልክ ይዘዋወራል፤ ጨዋታው ሲደረግ ያልተወለዱ ወጣቶችም ያዳምጡታል።

ይህ የሚያስደንቅ ነገር ነው። የጨዋታው ውጤት ከታወቀ ብዙ ዓመታት አልፈዋል፤ ዜናነቱ አብቅቷል። ዜናነቱ ያበቃ ቃል አሁንም የሚደመጠው ጥበብ በውስጡ ስላለ ብቻ ነው። ፍጹም ቅጣት ምት በእግር ኳስ ውስጥ ቤዝቦልን የሚመስለው ብቸኛ ጊዜ ነው። አንዱ ከመሀል ሜዳ ተነሥቶ ይመጣል፤ ኳሱን ያስቀምጣል፤ ወደ ኋላ ይመለሳል፤ በረኛው መስመሩ ላይ ይንቀሳቀሳል። ተራኪው ለመጀመሪያ ጊዜ ከኳሱ ይልቅ ጊዜ ያገኛል። ያንን ጊዜ በባዶ ጩኸት የሚሞላው አስተላላፊ ያባክነዋል፤ የመቺውን እርምጃ እየቆጠረ የሚነግረው ግን የአድማጩን ትንፋሽ በእጁ ይይዛል።

ሥራው የተሠራበት መሣሪያ ቋንቋ እንደመሆኑ መጠን ሂሱም ከቋንቋው መጀመር አለበት። በአማርኛ የዓረፍተ ነገር መቋጫው ግሡ ነው፤ ኳስ ግን ግሡን አይጠብቅም። ባለቤቱ ተጠርቶ፣ ተሳቢው ተከትሎ፣ ማሰሪያ አንቀጹ እስኪደርስ ኳሱ ሦስት ሰው ያልፋል። አንድ ባዕድ ሰው በዚህ ቋንቋ ኳስ በቀጥታ ማስተላለፍ አይቻልም ብሎ ቢደመድም አይፈረድበትም። ሆኖም ቀደምቶቹ መፍትሔውን ከቋንቋው ውስጥ አገኙት፤ ይኸውም ቦዝ አንቀጽ ነው። ለምሳሌ ያህል አንድ አስተላላፊ «ከቀኝ መስመር ተቀብሎ፣ አንዱን አልፎ፣ ወደ ውስጥ ገብቶ፣ ቀና ብሎ አይቶ፣ አሻግሮ…» ቢል እያንዳንዱ ቃል የተፈጸመ ድርጊት ይናገራል፤ ዓረፍተ ነገሩ ግን አልተዘጋም። አድማጩ ኳሱ ያለበትን ያውቃል፤ የሚያበቃበትን ግን አያውቅም። ልቡ የተንጠለጠለው በሰዋስው ላይ ነው። ከዚያም «መታ! አገባ!» ሲባል የዓረፍተ ነገሩ ማሰሪያና የጨዋታው ማሰሪያ አንድ ላይ ይወድቃሉ። ከዚህ የበለጠ የይዘትና የቅርጽ ስምምነት በጽሑፍ ሥራ እንኳ በቀላሉ አይገኝም።

ከሰዋስው ቀጥሎ የቃላት ጉዳይ አለ። የመጀመሪያዎቹ የኳስ ቃላት አንዳንዶቹ ከጣሊያንኛ የመጡ ነበሩ፤ ሪጎሬና ማሊያ ለዚህ ምስክር ናቸው። ከጊዜ በኋላ ግብ ጠባቂ፣ ተከላካይ፣ አማካይ፣ የማዕዘን ምት፣ የእጅ ውርወራ፣ ፍጹም ቅጣት ምት የሚሉት በአስተላላፊዎች አንደበት ተለምደው ወደ ሰፊው ሕዝብ ዘለቁ። በግቡ ፊት ያለው ክልል «16 ከ50» የተባለው ከሜትር ልኩ ነው፤ ልኩን በሜትር ለክቶ የማያውቅ የገጠር ልጅ ሳይቀር ቃሉን ሲሰማ የአደጋውን ቦታ ያውቃል። ቃል ቦታ ሲሆን እንዲህ ነው። በዚህ ረገድ የሬዲዮ ስርጭት ለአማርኛ ያበረከተው ሥራ ገና በቅጡ አልተጠናም።

ነገር ግን ቦታን የሚሰይም ቃል ሁሉ ቦታን አያሳይም። በአዲስ አበባ ስታዲየም ካታንጋ፣ ሚስማር ተራ፣ ከማን አንሼ፣ ጥላ ፎቅ የሚባሉ የመቀመጫ ክፍሎች አሉ። አንድ አስተላላፊ «ኳሱ ወደ ካታንጋ ወጣ» ቢል የአዲስ አበባ ልጅ ወዲያው ይገባዋል፤ የቆቦ አድማጭ ግን ቀኙ ይሁን ግራው አያውቅም። የቃሉ ለዛ የሚጠላ አይደለም። ጥፋቱ አስተላላፊው በጨዋታው መጀመሪያ ላይ ሜዳውን ሳይዘረጋለት በስሙ ብቻ መጥራቱ ነው። ማን ከግራ ወደ ቀኝ እንደሚያጠቃ፣ ካታንጋ በየትኛው ወገን እንዳለ፣ ማን ምን ዓይነት መለያ እንደለበሰ አንድ ጊዜ በደንብ ቢነገር፣ በየአሥር ደቂቃውም ቢታደስ ለዛው ያለ ጉዳት ይቀጥላል። ሬዲዮውን ዘግይቶ የከፈተ ሰው ሁልጊዜ እንዳለ መርሳት ትልቅ ስሕተት ነው።

ውጤትና ሰዓትም እንደዚሁ ናቸው። እሑድ ጥቅምት 4 ቀን 2005 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ከሱዳን ጋር በአዲስ አበባ ስትጫወት የመጀመሪያውን ግጥሚያ በሱዳን 5 ለ 3 ተሸንፋ ነበር የመጣችው። አዳነ ግርማና ሳላዲን ሰይድ ሁለቱን ግቦች ካስቆጠሩ በኋላ ኢትዮጵያ ከሜዳዋ ውጭ ባገባቻቸው ግቦች ብልጫ ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ለማለፍ በቃች። ግን አንዲት የሱዳን ግብ ሁሉን ታፈርስ ነበር። የቀሩት ደቂቃዎች ጭንቀት በሙሉ የተመሠረተው በዚህ ሒሳብ ላይ ነው። ወሩ በራያ ቆላ የማሽላ ወፍ የሚጠበቅበት ወር ነው፤ ማማ ላይ ሆኖ ለሚያዳምጥ ሰው ሰሌዳ የለውም። ሰዓቱንና ሒሳቡን ደጋግሞ የሚነግረው ካላገኘ ሁለት ለዜሮ የሚመራ ቡድን ለምን እንደሚንቀጠቀጥ ሊገባው አይችልም። ሰዓት መንገር ማሰልቸት ሳይሆን የትረካው ምሰሶ ነው።

የአስተላላፊው ሁለተኛ ግዴታ እውነት መናገር ነው። ለዚህ ግዴታ የራያ ቆላ ሰው ሩቅ ሳይሄድ ማነጻጸሪያ አለው። ከዞብል ማዶ ያሉት የአፋር ጎረቤቶቹ ዳጉ የሚባል የወሬ ሥርዓት አላቸው። ሁለት መንገደኞች ሲገናኙ ቁጭ ብለው ያዩትንና የሰሙትን በዝርዝር ይነጋገራሉ፤ ተናጋሪው ለተናገረው ኃላፊ ነው፤ በዓይኑ ያየውን ከሌላ ከሰማው ይለያል፤ ሐሰት የተናገረ ሰው በማኅበረሰቡ ዘንድ ክብሩን ያጣል። ዳጉ ያለ ወረቀትና ያለ ሞገድ የቆመ ዜና ነው። ጥንካሬውም ያልታየውን እንደ ታየ አለማድረጉ ነው።

በዚህ መለኪያ ሲታይ የሬዲዮ ስርጭት ከጥንት ጀምሮ ፈተና ነበረበት። እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ በአሜሪካ ብዙ አስተላላፊዎች ስታዲየም ሳይሄዱ በስቱዲዮ ተቀምጠው በቴሌግራፍ የሚደርሳቸውን አጭር መልእክት ወደ ሙሉ ትረካ ይለውጡ ነበር። ኋላ ፕሬዚዳንት የሆነው ሮናልድ ሬጋን በዲሞይን ከተማ ከሚገኝ ጣቢያ የቺካጎ ከብስን ጨዋታዎች ያስተላለፈው በዚህ መንገድ ነበር። አንድ ጊዜ የቴሌግራፉ መስመር ቢቋረጥበት ዝም እንዳይል መቺው ኳሱን ደጋግሞ ከሜዳ ውጭ እንደሚያወጣ አድርጎ ለደቂቃዎች እንደ ፈጠረ ራሱ በኋላ ሲያወጋ ኖሯል። ታሪኩ ያስቃል። ሆኖም በዚያች ሰዓት አድማጮቹ በሜዳው ላይ ያልነበረ ጨዋታ አዳምጠዋል።

ይህ የሩቅ ዘመን ወግ ብቻ አይደለም። በአሁኑ ጊዜም የአውሮፓን ግጥሚያ ከአዲስ አበባ ስቱዲዮ በቴሌቪዥን መስኮት እያዩ በሬዲዮ መተረክ የተለመደ ነው። በራሱ ነውር አይደለም፤ ጥበብም ሊኖረው ይችላል። ችግሩ የሚጀምረው ምንጩ ሲሸሸግና መስኮቱ የአስተላላፊውን ዓይን ሲያስረው ነው። ካሜራው ኳሱን ተከትሎ ሲሄድ ከኳሱ ርቆ የሚሮጠው አጥቂ አይታይም፤ አስተላላፊውም አይነግረውም። ካሜራው የአሠልጣኙን ፊት ሲያሳይ ጨዋታው ከትረካው ይጠፋል። በስታዲየም ያለ ዓይን የሚመርጠውን ራሱ ይመርጣል፤ በመስኮት ያለ ዓይን የሌላ ሰው ምርጫ ይተርካል። «ከመስኮት እየተመለከትን ነው» ብሎ በግልጽ መናገር ከዳጉ ሥርዓት ጋር የሚስማማ ታማኝነት ነው።

ከመስኮቱ የመጣ ሌላ ጉዳትም አለ። ከ2013 ዓ.ም. የውድድር ዘመን ጀምሮ የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ ግጥሚያዎች በሱፐር ስፖርት ቴሌቪዥን በቀጥታ መታየት ሲጀምሩ የአማርኛ የቴሌቪዥን ትረካም አብሮ ተስፋፋ። ለቴሌቪዥን የሚናገር ሰው ተመልካቹ የሚያየውን መድገም አይገባውም፤ ስለ ተጫዋቹ ዝውውር፣ ስላስቆጠራቸው ግቦች ብዛት፣ ስለ አሠልጣኙ ታሪክ ቢያወጋ ትክክል ነው። ልማዱ ወደ ሬዲዮ ሲገለበጥ ግን አድማጩ ባዶ እጁን ይቀራል። ለምሳሌ ያህል «ወይ ጉድ! ምን ዓይነት ኳስ ነው! እንዴት ይህን ይስታል!» የሚል ትረካ ለሚያይ ሰው ስሜቱን ይጋራዋል፤ ለማያይ ሰው ግን ሌላ ሰው ሲደነግጥ ከመስማት በቀር ምንም አይነግረውም። ኳሱ በአግዳሚው ላይ ወጣ? በቋሚው ተመለሰ? በረኛው በጣቱ አወጣው? ጩኸቱ አለ፤ የጩኸቱ ምክንያት ግን የለም።

አንዳንዶች ይህን ጩኸት ከፉከራና ከቀረርቶ ጋር በማዛመድ የሀገር ባሕል ነው ሲሉ ይከራከራሉ። ክርክሩ ግማሽ እውነት አለው። የአማርኛ የኳስ ትረካ ድምፁ ደረጃ በደረጃ እየጋለ መሄዱ ከዚያ ምንጭ የተቀዳ ሊሆን ይችላል። ነገር ግን ፎካሪ ሥራውን ሳይቆጥር አይጮኽም። የት እንደ ዘመተ፣ ማንን እንደ ገጠመ፣ በምን እንደ ጣለ ይናገራል፤ ድምፁ ከፍ የሚለው በሥራው ቆጠራ ላይ ተንተርሶ ነው። ሥራው ያልተቆጠረበት ጩኸት ፉከራ አይባልም። ስለዚህ ባሕሉን የሚጠቅስ አስተላላፊ ከባሕሉ ድምፁን ብቻ ሳይሆን ቆጠራውንም ሊወስድ ይገባዋል።

ስለ ስልኩ ራሱም መናገር ያስፈልጋል፤ ዛሬ ትረካው ወደ አድማጩ የሚደርሰው በአብዛኛው በእርሱ ነውና። የእጅ ስልክ ለዚህ ጥበብ ብዙ ጠቅሟል። ተጨማሪ ዕቃ ሳይገዛ ሬዲዮ ያልነበረውን ሰው ባለ ሬዲዮ አድርጎታል። በኢንተርኔት አማካይነት ደግሞ በዋሽንግተንም ሆነ በሎስ አንጀለስ የሚኖር ኢትዮጵያዊ የአዲስ አበባን ስርጭት ማዳመጥ ይችላል፤ በዚያው ከተማ ያለው አሜሪካዊ ጎረቤቱ በበኩሉ ከፍሎ የሚወደውን የቤዝቦል ቡድን የሬዲዮ ትረካ በስልኩ ይሰማል። በምስል በተጥለቀለቀ ዘመን ሰዎች ከፍለው ድምፅ ብቻ ማዳመጣቸው የቃል ትረካ እንዳላረጀ የሚያሳይ ነው።

ስልኩ የወሰደውም አለ። የአብዛኞቹ ስልኮች ሬዲዮ ኤፍ ኤም ብቻ ነው፤ የማዳመጫው ሽቦም አንቴና ሆኖ ያገለግላል። የኤፍ ኤም ሞገድ ቀጥ ብሎ ስለሚጓዝ ተራራ ይጋርደዋል። መካከለኛው ሞገድ ግን ምድርን ተከትሎ ይሄዳል፤ በሌሊትም ከሰማይ እየተመለሰ ሩቅ ይደርሳል፤ አጭሩ ሞገድ ደግሞ ከዚያም ያልፋል። በስልኩ የተማመነ አድማጭ የአባቱን የትራንዚስተር ሬዲዮ ሲጥል እነዚህን ሁለት ሞገዶች አብሮ ጥሏል። በኢንተርኔት የሚመጣው ስርጭት በበኩሉ በአሥራዎች ሰከንድ የሚቆጠር መዘግየት አለበት፤ በጎረቤት የግብ ጩኸት ከተሰማ በኋላ ትረካው ገና ኳሱን ከመሀል ሜዳ ሲያስነሣ ይገኛል። መስመሩም ሁልጊዜ የሚታመን አይደለም። በ2013 ዓ.ም. መጨረሻና በ2014 ዓ.ም. መጀመሪያ ወራት ጦርነቱ በቆቦ አካባቢ በነበረበት ጊዜ መብራትም ስልክም ተቋርጦ ነበር፤ ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮም በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለብዙ ወራት ተዘግቷል። በእንዲህ ያለ ጊዜ ምስሉ ቀድሞ ይጠፋል፤ ለሰው የሚቀርለት በባትሪ የሚሠራ ሬዲዮና የሩቅ ድምፅ ነው። ያ ድምፅ እንደሚታይ ነገር የሚያወራ ከሆነ ግን የቀረውም ቀረ ማለት ይቻላል።

እዚህ ላይ የጉዳዩ ክብደት ይታያል። ብሔራዊ ቡድን ሲጫወት አንድ ሀገር በአንድ ሰዓት በአንድ ነገር ላይ ያስባል። የሚያየውና የማያየው፣ የከተማውና የቆላው ሰው በዚያች ሰዓት እኩል ተካፋይ የሚሆኑት ትረካው እኩል ካካፈላቸው ነው። ትረካው ለሚያዩት ብቻ ሲነገር የማያየው ሰው ከጨዋታ በላይ የሆነ ነገር ያጣል፤ ከጋራ ደስታና ከጋራ ኀዘን ውጭ ይሆናል። በማግስቱ ገበያ ወሬው ሲነሣም የሰማውን እንጂ የሆነውን መናገር አይችልም።

ይህ ሁሉ ሲባል የዛሬዎቹ አስተላላፊዎች ብቃት የላቸውም ማለት አይደለም። በመረጃ ከቀደምቶቹ ይበልጣሉ፤ የተቃራኒ ቡድን ተጫዋቾችን ስም አጣርተው ያውቃሉ፤ የጨዋታን ስልት በተሻለ ቃል ያብራራሉ። ቀደምቶቹም ቢሆኑ ከነቀፋ ነጻ አልነበሩም፤ ለሀገር ቡድን ካላቸው ፍቅር የተነሣ የዳኛን ውሳኔ ሳያጣሩ የሚያማርሩበት ጊዜ ነበር። የሚፈለገው ወደ ኋላ መመለስ ሳይሆን የአሁኑን ዕውቀት በቀድሞው ዓይን ላይ መጨመር ነው። ስታቲስቲኩ ኳሱ ከሜዳ በወጣበት ፋታ ይነገር፤ ኳሱ ሲንቀሳቀስ ኳሱ ይተረክ።

ለዚህም ሁለት ተግባራዊ ነገሮች ሊደረጉ ይችላሉ። አንደኛው በብሔራዊ የስርጭት ተቋሙ መዝገብ ውስጥ ያሉ የቀድሞ ትረካዎች ተለይተው፣ ተጠርተውና ተባዝተው ለጋዜጠኝነትና ለቋንቋ ትምህርት ቤቶች እንዲደርሱ ማድረግ ነው። በስልክ የሚዘዋወሩት ቁራጮች የግቧን ቅጽበት ብቻ የያዙ ናቸው፤ ጥበቡ ያለው ግን ወደ ግቧ በሚያደርሰው ረጅም መንገድ ላይ ነው። ሁለተኛው ለማንኛውም የአማርኛ መምህር ቀላል የሆነ ሙከራ ነው። መምህሩ በጥቁር ሰሌዳ ላይ የእግር ኳስ ሜዳ ይሣል፤ ከዚያም የአንድ ስርጭት አሥር ደቂቃ በስልኩ ያሰማ፤ ከተማሪዎቹ አንዱ ጠመኔ ይዞ የሰማውን ኳስ በሰሌዳው ላይ ይከተል። ጠመኔው ከቀኝ መስመር ወደ መሀል፣ ከመሀል ወደ 16 ከ50 ከተጓዘ ትረካው ሥራውን ሠርቷል። ጠመኔው ባለበት ከቆመና ተማሪው ዞር ብሎ መምህሩን ማየት ከጀመረ ግን የአስተላላፊው ድምፅ የቱንም ያህል ቢያምር ሜዳው አልታየም።